ሳይደመጡ የሚቀነስ አበል፦ ከሕንድ የዳኝነት ታሪክ የሚገኝ ትምህርት



ለዛሬ የያዝኩት ጥያቄ አንድ ነው። መንግሥት ለረጅም ዘመን ያገለገለውን ሠራተኛ ደመወዝ ወይም የጡረታ አበል ሲቀንስ አስቀድሞ ሊያደምጠው ይገባልን? የሕንድ ዳኝነት ለዚህ ጥያቄ መልስ ያገኘው በብዙ ዓመታት ሂደት ነው። የምጠቅሳቸው ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

መነሻችን በብሪታንያ አገዛዝ የወጣው የ1871 የጡረታ ሕግ ነው። በዚያ ሕግ መሠረት፣ ጡረታን የሚመለከት ክስ ሥልጣን ያለው የአስተዳደር ሹም ካልፈቀደ በቀር በፍትሐ ብሔር ፍርድ ቤት አይታይም ነበር። ጡረታ እንደ ችሮታ ይቆጠር ነበር፤ ችሮታ የተነፈገ ሰው ደግሞ ሰጪውን ከመለመን በቀር አቤት የሚልበት ደጅ የለውም።

ከነጻነት በኋላ ይህ አስተሳሰብ መናጋት ጀመረ። በ1967 የተወሰነው የቢናፓኒ ዴይ ጉዳይ በኦሪሳ ግዛት መንግሥት ያገለግሉ የነበሩ ሐኪምን ይመለከታል። መንግሥት የትውልድ ዘመናቸውን ለውጦ የጡረታ ጊዜያቸው አልፏል አለ። ምርመራ ተደርጎ ነበር፤ ነገር ግን የምርመራው ሪፖርት አልተሰጣቸውም። ጠቅላይ ፍርድ ቤቱም አስተዳደራዊ ውሳኔ እንኳ ቢሆን፣ የሰውን መብት የሚጎዳ ውጤት እስካለው ድረስ የተፈጥሮ ፍትሕን መርሆች መከተል እንዳለበት ወሰነ።

በ1971 የዲዮኪናንዳን ፕራሳድ ጉዳይ ቀረበ። በቢሃር የትምህርት አገልግሎት ይሠሩ የነበሩት እኚህ ሰው ከ5 ዓመት በላይ ከሥራ ቀርተዋል ተብለው ከአገልግሎት እንደተሰናበቱ ተቆጠሩ፤ ጡረታም ተከለከሉ። ፍርድ ቤቱ ሁለት ነገሮችን አረጋገጠ። አንደኛ፣ መከላከያቸውን ሳያቀርቡ መሰናበታቸው ሕገ መንግሥቱን ይጥሳል። ሁለተኛ፣ ጡረታ ከሹም ትእዛዝ ሳይሆን ከደንቡ የሚመነጭ መብት ነው፤ ስለዚህም በሕገ መንግሥቱ የተጠበቀ ንብረት ነው።

ነገር ግን በ1978 የጸደቀው 44ኛው የሕገ መንግሥት ማሻሻያ የንብረት መብትን ከመሠረታዊ መብቶች ዝርዝር አወጣው፤ ንብረት በአንቀጽ 300ሀ ሥር ተራ ሕገ መንግሥታዊ መብት ሆኖ ቀረ። የጡረተኛው ጋሻ አብሮ ሊወድቅ ይችል ነበር። አልወደቀም፤ የመደመጥ መብት መሠረቱ ንብረት ብቻ አልነበረምና። መሠረቱ ውሳኔው በሰው ኑሮ ላይ የሚያሳርፈው ውጤት ነበር።

በ1994 የተወሰነው የባግዋን ሹክላ ጉዳይ ይህን በጉልህ ያሳያል። የምድር ባቡር ሠራተኛ የነበሩት ሹክላ በ1970 ወርሃዊ መነሻ ደመወዛቸው 190 ሩፒ ሆኖ ተወሰነ። በ1991 ግን ደመወዙ ከ1970 ጀምሮ 181 ሩፒ እንዲሆን ወደ ኋላ ተመልሶ ተቀነሰ። ልዩነቱ በወር 9 ሩፒ ነበር። ፍርድ ቤቱ ግን የገንዘቡን ማነስ አልተመለከተም። ሠራተኛው ሳይጠየቁ ደመወዛቸው መቀነሱን ብቻ በቂ ምክንያት አድርጎ ትእዛዙን ሻረው።

እዚህ ላይ ተገቢ ተቃውሞ ይነሳል፤ በስሕተት የተከፈለው የሕዝብ ገንዘብ ነውና ሊመለስ ይገባል የሚል። በ2014 በራፊቅ ማሲህ ጉዳይ ፍርድ ቤቱ ጡረታ ከወጡና በ1 ዓመት ውስጥ ከሚወጡ ሠራተኞች በስሕተት የተከፈለ ትርፍ ገንዘብ ማስመለስ በሕግ እንደማይፈቀድ ገለጸ። በ2016 ደግሞ ትርፍ ከተከፈለው እንደሚመልስ አስቀድሞ ፈርሞ የተስማማ ሰው ከዚህ ጥበቃ ውጭ እንደሆነ ወሰነ። ይህ ገደብ ምክንያታዊ ነው፤ ሆኖም የፈረመው ሰውም ስሌቱ ትክክል መሆኑን የመጠየቅ ዕድሉ ሊነፈግ አይገባም እላለሁ።

ጡረተኛ መሥሪያ ቤቱን ሲለቅ ፋይሉ እዚያው ይቀራል፤ የሚያውቁት ባልደረቦቹም ይበተናሉ። ትናንት የተቀበለው ገንዘብ ለቤት ኪራይና ለመድኃኒት ወጥቷል። ዛሬ የሚቀነስበትን አዲስ ሥራ ይዞ ሊያካክሰው አይችልም። በዚህ ሁኔታ ላለ ሰው፣ ከውሳኔው በፊት የሚደርሰው ማስታወቂያና የሚሰጠው መልስ መብቱን የሚያስከብርበት ዋነኛ መንገድ ነው። ችሮታ ወደ መብት የተለወጠው ሕጉ «መብት» ስላለው ብቻ አይደለም፤ የሚቀንሰው ሹም አስቀድሞ ባለመብቱን እንዲጠይቅ ስለተገደደ ነው።