ፊሽካው በሴት እጅ



ድብ ባሕር መንገድ ዳር ቡና ስናፈላ ቴሌቪዥኑ ፊት የሚቀመጡት ወንዶቹ ናቸው። እኛ ሲኒ እያጠብን ጩኸቱን እንሰማለን። ዘንድሮ የአንዲት አባላችን ልጅ ከትምህርት ቤት ተመልሳ፣ «የክፍላችንን ጨዋታ ልዳኝ ብል ፊሽካ የወንድ ነው አሉኝ» አለችን። እውነቱን ለመናገር አንዳንዶቻችንም «ልክ ናቸው» ብለናት ነበር። በኋላ ግን የሊዲያ ታፈሰን ታሪክ አንስተን ተነጋገርን።

ሊዲያ የጅማ ልጅ ናት፤ በትምህርቷ ፋርማሲስት። እ.ኤ.አ. ከ2005 ጀምሮ የፊፋ ኢንተርናሽናል ዳኛ ሆነች። በ2019 ፈረንሳይ ላይ ለተካሄደው የሴቶች ዓለም ዋንጫ ከተመረጡት ዳኞች አንዷ እሷ ነበረች።

ትልቁ ቀን የመጣው ጥር 15 ቀን 2013 ዓ.ም. ነው። በካሜሩኗ ሊምቤ ከተማ፣ በቻን ውድድር፣ የናሚቢያንና የታንዛኒያን ወንዶች ጨዋታ በመሐል ዳኝነት መራች። ረዳቶቿ ማላዊቷ በርናዴታ ክዊምቢራና ናይጄሪያዊቷ ሚሚሰን ኢዮርሄ ነበሩ። ሦስቱም ሴቶች! ታንዛኒያ 1 ለ 0 አሸነፈች። በዓመቱ ደግሞ ሩዋንዳዊቷ ሳሊማ ሙካንሳንጋ በአፍሪካ ዋንጫ የወንዶችን ጨዋታ በመሐል ዳኝነት በመምራት የመጀመሪያዋ ሴት ሆነች።

ከፊፋ ዳኝነት እስከ ሊምቤ 16 ዓመት ነው። ይህ በችሮታ የተገኘ አይደለም። የወንዶችን ጨዋታ የምትመራ ሴት የወንዶቹን የብቃት ፈተና ታልፋለች፦ 40 ሜትር ስድስት ጊዜ፣ እያንዳንዱን በ6 ሴኮንድ፤ ከዚያ 75 ሜትር በ15 ሴኮንድ እየሮጠች፣ 25 ሜትር እየተራመደች፣ 40 ጊዜ መመላለስ። ሴት ናት ተብሎ የሚቀነስላት ሴኮንድ የለም።

በቴሌቪዥን ካሜራው የሚከተለው ኳሱን ነው። ዳኛ ስሟ የሚነሳው ተሳሳተች ሲባል ነው፤ በደንብ ስትሠራ ማንም አያስታውሳትም። ይህንን እኛ እናውቀዋለን። እንጀራው ሲያምር ማን ጋገረው አይባልም፤ ሲያር ግን ይጠየቃል።

ልጃችንን የከለከላት የፊሽካው ዋጋ አይደለም። ወንድሟ ከትምህርት በኋላ ሜዳ ሲወርድ እሷ ጀሪካን ይዛ ወደ ውኃ ትወርዳለች። የጎደላት ጊዜ ነው፤ ጊዜዋን የወሰድነው ደግሞ እኛው እናቶቿ ነን። ስለዚህ በስብሰባችን ተስማማን፦ በሳምንት ሁለት ቀን ውኃውን በተራ እኛ እንቀዳለን ወይም ወንድሞቿ ይቀዳሉ። ፊሽካውንም ከማኅበሩ ሣጥን ገዝተንላታል።

ሊዲያ ትሁን አንልም። ፋርማሲስትም፣ ዳኛም፣ ሁለቱንም ልትሆን ትችላለች። «የወንድ ነው» የሚለው ቃል ግን ከእንግዲህ ከእኛ አፍ አይወጣም። ቀጣዩን ጨዋታ ደግሞ ሲኒውን አስቀምጠን፣ ቁጭ ብለን እናያለን።