ውሃ ቀጂው መጥረጊያ

ነገሩ የተጀመረው በዘነዘና ነው። በ2ኛው ክፍለ ዘመን በግሪክኛ ይጽፍ የነበረው የሳሞሳታው ሉቅያኖስ እንደተረከው፣ አንድ ግብፃዊ አስማተኛ ዘነዘናውን ልብስ አልብሶ ድግምት ይደግምበትና ውሃ ያስቀዳው ነበር። ተከታዩ ተደብቆ ድግምቱን ሰማ። የሰማው ግን ማስነሻውን ብቻ ነው፤ ማቆሚያው ጆሮው አልደረሰም።

ጀርመናዊው ጎተ እ.ኤ.አ. በ1797 «የአስማተኛው ደቀ መዝሙር» በተሰኘው ግጥሙ ዘነዘናውን በመጥረጊያ ተካው። የተከታዩንም ጥፋት ለወጠ፤ የጎተ ደቀ መዝሙር ማቆሚያውን ቃል ያውቀው ነበር፣ ረሳው እንጂ። ግጥሙ ሁሉ ንግግር ነው። ልጁ ይፎክራል፣ ያዛል፤ ቤቱ በውሃ ሲጥለቀለቅ ይሳደባል፣ ይለምናል። ጌታው አፉን የሚከፍተው መጨረሻ ላይ ብቻ ነው።

ልክ በ100 ዓመቱ፣ በ1897፣ ፈረንሳዊው ፖል ዱካ ታሪኩን ለኦርኬስትራ ጻፈው። ዋልት ዲዝኒ በ1937 አጭር ፊልም ሊሠራ የተነሣው በዚህ ሙዚቃ ላይ ነው፤ ዝናው እየቀዘቀዘ የመጣውን ሚኪ ማውስን ሊያነሣበት አስቦ። ኦርኬስትራውን የመራው ሊዮፖልድ ስቶኮቭስኪ ነበር። ወጪው ግን ከ125,000 ዶላር አለፈ። አንድ አጭር ፊልም ይህን ሊመልስ ስለማይችል ሌሎች ክፍሎች ተጨምረውበት በ1940 «ፋንታዥያ» ሆኖ ወጣ።

በዚህ ክፍል ሚኪ አይናገርም። ታዲያ ቃል በሌለበት የተረሳ ቃል እንዴት ይታያል? ሠሪዎቹ በመርሳት ፈንታ እንቅልፍ አስገቡ። ሚኪ የጌታውን ባርኔጣ ደፍቶ፣ ወንበሩ ላይ ተንሰራፍቶ ያሸልባል፤ በሕልሙ ከዋክብትን ሲያዝ ቆይቶ ውሃ ውስጥ ይነቃል። ብልሃቱን አደንቃለሁ፤ ግን እንቅልፍ ማንንም ይጥላል፣ ሳይበስል ጌታ ነኝ ማለት ሌላ ነው። ደግነቱ የጠፋው ቃል ጨርሶ አልቀረም፦ ሚኪ በጎርፉ ላይ በሚሽከረከረው የድግምት መጽሐፍ ላይ ተንጠልጥሎ ገጽ በገጽ ሲያገላብጥ የሚፈልገው እሱን አይደል?

ከሁሉ የሚበልጠው መጥረጊያው እንዲቆም በመጥረቢያ የሚፈለጥበት ትዕይንት ነው። ጎተ መጥረጊያውን ለሁለት ብቻ ነው የሰነጠቀው። በፊልሙ ግድያውን የምናየው በግድግዳው ላይ በጥላ ነው። ጸጥ ይላል። ከዚያ ስንጥሮቹ አንድ በአንድ ይንቀሳቀሳሉ፣ ይቆማሉ፣ እጅ ያበቅላሉ፤ ባልዲ ያነገተ ሠራዊት ሚኪን ረግጦት ያልፋል።

የጎተ ጌታ በቃሉ አዝዞ ሁሉን ጸጥ ያደርጋል። የዲዝኒው ግን ውሃውን በእጁ ከፍሎ ይወርዳል፣ ባርኔጣውን ይቀበላል፤ ባልዲውን ይዞ ሹልክ ሊል ያለውን ሚኪን በዚያው መጥረጊያ ቂጡን ያቀምሰዋል።