የእጅ ጌም ማሽን ኢምዩሌተር

የእጅ ጌም ማሽን ኢምዩሌተር እንደ ጌም ቦይ ወይም ፒኤስፒ ያለ በእጅ የሚያዝ የቪዲዮ ጌም ማጫወቻን አስመስሎ በስልክ ወይም በኮምፒውተር ላይ የሚሠራ ፕሮግራም ነው። በእሱ አማካይነት ለአንድ ማሽን ብቻ ተብሎ የተሠራ የድሮ ጌም ማሽኑ በሌለበት መጫወት ይቻላል። ኢምዩሌተር ራሱ ጌም አይደለም፤ የማሽኑን ቦታ የሚተካ ነው። ጌሙ ለብቻው በፋይል መልክ ይቀመጣል፤ ኢምዩሌተሩ ያን ፋይል እያነበበ ያጫውታል። ይህ ልዩነት አጠቃቀሙንም ሆነ ሕጉን ለመረዳት መሠረታዊ ነው።

## ስያሜ

ቃሉ ከእንግሊዝኛ የመጣ ሲሆን «አስመስሎ የሚሠራ» እንደ ማለት ነው። በኮምፒውተር ዘርፍ መነገር የጀመረው በ1960ዎቹ እ.ኤ.አ. በአይቢኤም ኩባንያ ውስጥ ነው። ኩባንያው በ1964 እ.ኤ.አ. ሲስተም 360 የተባሉትን ኮምፒውተሮች ሲያስተዋውቅ፣ ደንበኞቹ 1401 ለተባለው አሮጌ ማሽን የጻፏቸው ፕሮግራሞች ከንቱ እንዳይቀሩ አዲሶቹ ማሽኖች የአሮጌውን ትእዛዝ እንዲፈጽሙ አድርጎ ነበር። ስለዚህ የኢምዩሌተር ዓላማ ከመነሻው አንድ ነው፤ ማሽን ሲያረጅ በእሱ ላይ የተሠራው ሥራ አብሮት እንዳይጠፋ ማድረግ።

## ዋና ዋና የእጅ ጌም ማሽኖች

በኢምዩሌተር በብዛት የሚጫወቱት የሚከተሉት ማሽኖች ጌሞች ናቸው።

- ጌም ቦይ (1989 እ.ኤ.አ.)፦ የጃፓኑ ኒንቴንዶ ያወጣው ሲሆን ስክሪኑ 160 በ144 ነጥቦች (ፒክስሎች) እና አራት የቀለም ደረጃዎች ብቻ ነበሩት። በአራት ባትሪ ድንጋዮች ይሠራ ነበር። ባለ ቀለም ስክሪን ያለው ጌም ቦይ ከለር በ1998 እ.ኤ.አ. ወጣ። ሁለቱ በአንድነት ከ118 ሚሊዮን በላይ ተሸጠዋል።
- ጌም ቦይ አድቫንስ (2001 እ.ኤ.አ.)፦ ስክሪኑ 240 በ160 ነጥቦች ነው።
- ኒንቴንዶ ዲኤስ (2004 እ.ኤ.አ.)፦ ሁለት ስክሪኖች ያሉት ሲሆን የታችኛው በመንካት ይሠራል። ከ154 ሚሊዮን በላይ ተሸጧል።
- ፒኤስፒ (2004 እ.ኤ.አ.)፦ የሶኒ ሥራ ነው። ስክሪኑ 480 በ272 ነጥቦች ሲሆን ጌሞቹ የሚወጡት እስከ 1.8 ጊጋባይት በሚይዝ ትንሽ ዲስክ ነበር።

በጌሞቹ መጠን መካከል ያለው ልዩነት ሰፊ ነው። የጌም ቦዩ ቴትሪስ 32 ኪሎባይት ብቻ ነው፤ በስልክ ከሚነሳ አንድ ፎቶግራፍ እጅግ ያንሳል። የጌም ቦይ አድቫንስ ካርትሪጅ አብዛኛውን ጊዜ ከ32 ሜጋባይት አይበልጥም። የፒኤስፒ ጌም ግን ከአንድ ጊጋባይት ሊያልፍ ይችላል።

## አሠራር

ማንኛውም የጌም ማሽን ፕሮሰሰር አለው፤ እያንዳንዱ ዓይነት ፕሮሰሰር ደግሞ የራሱን የትእዛዝ ቋንቋ ብቻ ይረዳል። የጌም ቦይ ጌም ለጌም ቦይ ፕሮሰሰር በተጻፈ ቋንቋ ስለሆነ ስልክ በቀጥታ ሊያነበው አይችልም። ኢምዩሌተሩ በመካከል ሆኖ ያስተረጉማል።

ትርጉሙ በሁለት መንገድ ይከናወናል። የመጀመሪያው እያንዳንዱን ትእዛዝ በተራ እያነበቡ ወዲያው መፈጸም ነው፤ ቃል በቃል እየሰማ እንደሚያስተረጉም ሰው ማለት ነው። ትክክለኛ ቢሆንም አዝጋሚ ነው። ሁለተኛው ብዙ ትእዛዞችን በአንድ ላይ ወደ ስልኩ ቋንቋ መልሶ ማስቀመጥና በተፈለጉ ቁጥር የተተረጎመውን መጠቀም ነው። ይህ ፈጣን ስለሆነ እንደ ፒኤስፒ ላሉ ከበድ ያሉ ማሽኖች ያስፈልጋል።

ከፕሮሰሰሩ በተጨማሪ የሥዕሉ፣ የድምፁና የሰዓቱ አሠራር መምሰል አለበት። ጌም ቦይ በሰከንድ ወደ 60 ጊዜ ገደማ አዲስ ሥዕል ያሳያል። ድምፁ ከሥዕሉ ትንሽ ቢዘገይ ወይም ሥዕሉ ቢፈጥን ጌሙ ይበላሻል። የጌም ቦይ ፕሮሰሰር በሰከንድ 4.19 ሚሊዮን ጊዜ ብቻ ይመታ ነበር፤ የዛሬ ስልኮች ፍጥነት በቢሊዮን ይቆጠራል። ሆኖም አንዱን የድሮ ትእዛዝ ለመፈጸም ስልኩ ብዙ የራሱን ትእዛዞች ስለሚጠቀም፣ ኢምዩሌተር የሚሠራበት መሣሪያ ከተመሰለው ማሽን በብዙ እጥፍ መፍጠን ይኖርበታል። ርካሽ ስልክ ጌም ቦይን በቀላሉ አጫውቶ በፒኤስፒ ጌም የሚንቀራፈፈው በዚህ ምክንያት ነው።

አንዳንድ ኢምዩሌተሮች ባዮስ የሚባለውን የማሽኑን መነሻ ፕሮግራም ይጠይቃሉ። ባዮስ የአምራቹ ንብረት ነው። ሌሎች ግን ባዮሱ የሚሠራውን ሥራ በራሳቸው ስለሚፈጽሙ አያስፈልጋቸውም። የፒኤስፒ ኢምዩሌተር የሆነው ፒፒኤስኤስፒፒ እና የጌም ቦይ አድቫንስ ኢምዩሌተር የሆነው ኤምጂቢኤ ከእነዚህ ናቸው።

## በአንድሮይድ ስልክ ላይ ማዘጋጀት

ለምሳሌ ያህል ፒፒኤስኤስፒፒ እዚህ ቀርቧል። ይህ ነፃና ምንጩ ክፍት የሆነ ፕሮግራም በሄንሪክ ሪድጎርድ ተጀምሮ በ2012 እ.ኤ.አ. ለሕዝብ ወጣ።

1. ማውረድ፦ ፕሮግራሙ ከፕሌይ ስቶር ወይም ከራሱ ድረ ገጽ ይወርዳል። የሚሸጠው «ጎልድ» የተባለው ቅጂ አዘጋጆቹን ለመደገፍ ነው፤ ጌሞቹን የሚያጫውተው ነፃው ቅጂም ነው። ተመሳሳይ ስም ይዘው የይለፍ ቃል የሚጠይቁ ወይም ባዮስ እንሸጣለን የሚሉ ፕሮግራሞች ሐሰተኞች ናቸው።
2. ፎልደር መምረጥ፦ ፕሮግራሙ መጀመሪያ ሲከፈት ሴቮቹን የት እንደሚያስቀምጥ ይጠይቃል። በስልኩ ማከማቻ ወይም በሚሞሪ ካርድ ላይ አንድ ፎልደር ከፍቶ እሱን መምረጥ ይሻላል። የፕሮግራሙን የግል ቦታ የመረጠ ሰው ፕሮግራሙን ሲያጠፋ ሴቮቹም አብረው ይጠፋሉ።
3. ጌሙን ማስቀመጥ፦ የፒኤስፒ ጌም በአይኤስኦ ወይም ተጨምቆ በሲኤስኦ ዓይነት ፋይል ይሆናል። ፋይሉ በአንድ ፎልደር ውስጥ ይቀመጥና ከፕሮግራሙ ውስጥ ያ ፎልደር ይከፈታል።
4. ፍጥነቱን ማስተካከል፦ ጌሙ ከተንቀራፈፈ በመጀመሪያ የሥዕሉን ጥራት ወደ አንድ እጥፍ፣ ማለትም ወደ 480 በ272 ማውረድ ነው። ካልበቃ ቩልካንንና ኦፕን ጂኤልን እያቀያየሩ መሞከር ይቻላል። አንዳንድ ሥዕሎችን መዝለል የመጨረሻው አማራጭ ነው፤ ጌሙ እየተቆራረጠ እንዲታይ ያደርጋል።
5. ቁልፎቹን ማስተካከል፦ በስክሪኑ ላይ የሚታዩት ቁልፎች መጠናቸውና ቦታቸው ይለወጣል። በብሉቱዝ ወይም በገመድ የሚገናኝ ጆይስቲክም መጠቀም ይቻላል።

ለጌም ቦይና ለጌም ቦይ አድቫንስ ሬትሮአርች የተባለው ነፃ ፕሮግራም ያገለግላል። ሬትሮአርች በራሱ ኢምዩሌተር ሳይሆን «ኮር» የሚባሉ ብዙ ኢምዩሌተሮችን በአንድ ላይ የሚይዝ ነው። ተጠቃሚው መጀመሪያ ኮሩን (ለምሳሌ ኤምጂቢኤን) ያወርዳል፣ ይጭናል፣ ከዚያም የጌሙን ፋይል ይከፍታል። ኮሩ አንድ ጊዜ ከወረደ በኋላ ያለ ኢንተርኔት ይሠራል።

በአይፎን ላይ ለረጅም ጊዜ ኢምዩሌተር በአፕ ስቶር አይፈቀድም ነበር። አፕል በ2024 እ.ኤ.አ. ደንቡን ካሻሻለ በኋላ ዴልታ የተባለው ኢምዩሌተርና ፒፒኤስኤስፒፒ በዚያው ዓመት ገብተዋል።

## ሴቭ ማድረግ

በኢምዩሌተር ሁለት ዓይነት ሴቭ አለ። አንደኛው ጌሙ ራሱ የሚያደርገው ሲሆን በመጀመሪያው ማሽን ላይ እንደነበረው ነው። ሁለተኛው «ሴቭ ስቴት» ይባላል፤ ኢምዩሌተሩ የማሽኑን ሁኔታ በዚያች ቅጽበት እንዳለ ቀድቶ ያስቀምጣል። ሴቭ ስቴት በማንኛውም ቦታ ስለሚሠራ ምቹ ነው፤ ነገር ግን ኢምዩሌተሩ ወደ አዲስ እትም ሲለወጥ ላይከፈት ይችላል። ረጅም ጌም የሚጫወት ሰው በሁለቱም ቢጠቀም፣ ስልክ ከመቀየሩም በፊት የሴቩን ፎልደር ወደ ሌላ ቦታ ቢገለብጥ ድካሙ አይባክንም።

## ሕግ

ኢምዩሌተር መሥራትና መጠቀም በብዙ አገሮች ሕጋዊ ነው። ብዙ ጊዜ የሚጠቀሰው ሶኒ ኮኔክቲክስ የተባለውን ኩባንያ የከሰሰበት ጉዳይ ነው። ኮኔክቲክስ የፕሌይስቴሽን ጌሞችን በኮምፒውተር የሚያጫውት ፕሮግራም ይሸጥ ነበር። በ2000 እ.ኤ.አ. የአሜሪካ የፌዴራል ይግባኝ ፍርድ ቤት ኮኔክቲክስ ኢምዩሌተሩን ለመሥራት የሶኒን ባዮስ ቀድቶ መመርመሩ ተገቢ አጠቃቀም ነው ሲል ወሰነ። በሌላ በኩል የኒንቴንዶ ስዊች ኢምዩሌተር የሆነው ዩዙ አዘጋጆች በ2024 እ.ኤ.አ. በኒንቴንዶ ተከስሰው 2.4 ሚሊዮን ዶላር ለመክፈልና ሥራውን ለማቆም ተስማምተዋል። ክሱ ያተኮረው የጌሞቹን ቁልፍ ማለፍ ላይ ነበር።

የጌሙ ፋይል ጉዳይ ግን ሌላ ነው። ጌም የቅጂ መብት ያለው ሥራ ስለሆነ ከኢንተርኔት ያለ ፈቃድ ማውረድ፣ ጌሙ አሮጌ ቢሆንም እንኳ፣ መብቱን መጣስ ነው። በኢትዮጵያ የቅጂና ተዛማጅ መብቶች ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 410/1996 የኮምፒውተር ፕሮግራሞችንም ይጠብቃል። ይኸው አዋጅ የፕሮግራም ቅጂ በሕጋዊ መንገድ የያዘ ሰው ዋናው ቢጠፋ ወይም ቢበላሽ መተኪያ እንዲሆነው አንድ ቅጂ እንዲያስቀምጥ ይፈቅዳል።

በሕጋዊ መንገድ ጌም የሚገኝባቸው ሁለት ዋና መንገዶች አሉ። አንደኛው የገዙትን ካርትሪጅ በማንበቢያ መሣሪያ ወደ ፋይል መገልበጥ ነው። ሁለተኛው ደራሲዎቻቸው በነፃ የለቀቋቸውን፣ «ሆምብሩ» የሚባሉ ጌሞች መጠቀም ነው። ፒፒኤስኤስፒፒ ውስጥ እንዲህ ያሉ ጌሞች የሚገኙበት ክፍል አለ።

## ለቅርስ ጥበቃ ያለው ጥቅም

የድሮ ጌሞች በፍጥነት እየጠፉ ነው። ብዙ የጌም ቦይ ካርትሪጆች ሴቩን የሚይዙት በውስጣቸው ባለች ትንሽ ባትሪ ነው፤ ባትሪዋ ስታልቅ ሴቩ ይጠፋል። ማሽኖቹም እያረጁ ነው። የቪዲዮ ጌም ታሪክ ፋውንዴሽን በ2023 እ.ኤ.አ. ባወጣው ጥናት ከ2010 እ.ኤ.አ. በፊት በአሜሪካ ከወጡት ጌሞች 87 በመቶ የሚሆኑት ዛሬ በገበያ ላይ አይገኙም።

ጌምን ማቆየት መጽሐፍን ከማቆየት የሚለይበት ነጥብ አለ። በ1968 እ.ኤ.አ. ኤርንስት ሐመርሽሚት የተባሉ ምሁር በጣና ሐይቅ ደሴቶች ገዳማት የሚገኙ የብራና መጻሕፍትን በማይክሮፊልም አንስተዋል። ግዕዝ የሚያውቅ ሰው ሁሉ ፊልሙን አይቶ መጽሐፉን ማንበብ ይችላል። የጌም ቅጂ ግን ለብቻው ትርጉም የሌለው የቁጥር ክምር ነው፤ የሚያነበው ማሽን ከሌለ ፋይሉ ቢኖርም ጌሙ የለም። ኢምዩሌተር ለፋይሉ የማንበቢያ ችሎታን የሚያቆይ በመሆኑ ቤተ መጻሕፍትና ሙዚየሞችም ይጠቀሙበታል።

## በኢትዮጵያ

በኢትዮጵያ ከተሞች የቪዲዮ ጌም ከወጣቶች ጋር በስፋት የተዋወቀው በፕሌይስቴሽን ቤቶች ነው። በአዲስ አበባም ሆነ እንደ ባሕር ዳር ባሉ የክልል ከተሞች ተጫዋቾች በጨዋታ ወይም በሰዓት እየከፈሉ በተለይ የእግር ኳስ ጌሞችን ይጫወታሉ። ኢምዩሌተር የተለየ ማሽን ሳይገዛ ባለው ስልክ መጫወት ስለሚያስችል፣ ትንንሾቹ የጌም ቦይ ፋይሎችም የኢንተርኔት ጥቅል ስለማይጨርሱ ለብዙ ተማሪ የሚቀርበው መንገድ ነው።

የአገር ውስጥ ጌም ሥራም ተጀምሯል። በአዲስ አበባ የሚገኘው ቅኔ ጌምስ «ኩኩሉ» የተባለውን የስልክ ጌምና በባህላዊው ገበጣ ላይ የተመሠረተ ሌላ የስልክ ጌም ሠርቷል።

ለፕሮግራም ተማሪዎች ኢምዩሌተር ጥሩ መለማመጃ ነው። ብዙዎች የሚጀምሩት በቺፕ 8 ነው፤ 35 ትእዛዞች፣ 4 ኪሎባይት ማስታወሻና 64 በ32 ነጥቦች ስክሪን ብቻ ስላለው አንድ ተማሪ በጥቂት ቀናት ሊጨርሰው ይችላል። ጂቢ ስቱዲዮ የተባለው ነፃ ፕሮግራም ደግሞ ኮድ ሳይጻፍ አዲስ የጌም ቦይ ጌም ለመሥራት ያስችላል፤ የተሠራው ጌም በኢምዩሌተር ይሞከራል።

ጌሙን በአማርኛ ለመሥራት ለሚያስብ ሰው የፊደሉ ብዛት ጥያቄ ያስነሳል። ጌም ቦይ ሁሉንም ነገር የሚስለው 8 በ8 ነጥብ በሆኑ ትንንሽ ካሬዎች ሲሆን በአንድ ጊዜ የሚይዘው 384 ካሬዎችን ነው። የላቲን ፊደል 26 ካሬ ይበቃዋል። 33ቱ የአማርኛ ፊደላት ከነሰባቱ ድምፆቻቸው ግን 231 ስለሚሆኑ ከግማሽ በላይ ቦታ ይወስዳሉ፤ ለሥዕል የሚተርፈው ጥቂት ነው። መፍትሔው ፊደሉን በሙሉ ከመጫን ይልቅ በስክሪኑ ላይ ላለው ጽሑፍ የሚያስፈልጉትን ፊደላት ብቻ እያቀያየሩ መጫን ነው።