የሙታን ድርሻ፦ የክመር ሕዝብ የሩዝ ጥቅሎች ታሪክ

ሌሊቱ ሳይነጋ፣ ከአሥር ሰዓት ገደማ ጀምሮ፣ የካምቦዲያ ምእመናን በየአካባቢያቸው ወደሚገኘው የቡድሃ ቤተ መቅደስ ይጎርፋሉ። በአንድ እጃቸው ሻማና ዕጣን፣ በሌላው ደግሞ በሰሊጥ የተለወሱ የሩዝ ድቡልቡሎች የተደረደሩበት ሰሃን ይይዛሉ። ቤተ መቅደሱን እየዞሩ ድቡልቡሎቹን አንድ በአንድ ወደ ጨለማው ይወረውራሉ። ምግቡ የሚወረወረው ለሕያዋን አይደለም፤ ለሙታን ነው። የሩዙ ድቡልቡል «ባይ ቤን» ይባላል፤ «ባይ» የበሰለ ሩዝ ማለት ሲሆን፣ «ቤን» ለሙታን የሚቀርበውን የሩዝ ድቡልቡል ከሚያመለክተው «ፒንዳ» ከተሰኘው የሳንስክሪት ቃል የተገኘ ነው። በዓሉም ከዚሁ ስሙን ወስዶ «ፕቹም ቤን» ተብሏል፤ «ፕቹም» መሰብሰብ ነው።

ፕቹም ቤን በክመር የጨረቃ አቆጣጠር በዐሥረኛው ወር፣ ጨረቃ በምትጎድልባቸው 15 ቀናት ይከበራል። ይህም አብዛኛውን ጊዜ በኢትዮጵያ የመስከረም ወር ግድም ይውላል። በእምነቱ መሠረት በእነዚህ ቀናት የሲኦል በሮች ይከፈታሉ፤ እስከ ሰባት ትውልድ ያሉ ዘመዶች ነፍሳትም ወደ ምድር ወጥተው የልጆቻቸውን ስጦታ ይፈልጋሉ። ከእነርሱ መካከል ኃጢአታቸው የከበደባቸው የተራቡ ነፍሳት አሉ። ሆዳቸው የተነፋ፣ እጅና እግራቸው የመነመነ፣ አፋቸው እንደ መርፌ ቀዳዳ የጠበበ ነው፤ የፀሐይ ብርሃን ስለሚያስፈራቸው የሚመገቡት በጨለማ ብቻ ነው። በሰባት ቤተ መቅደስ ዞረው ከወገናቸው አንድም ስጦታ ያላገኙ እንደሆነ ይራገማሉ ይባላል። ተዝካር የሚያውቅ አንባቢ ነገሩ እንግዳ አይሆንበትም፤ ልዩነቱ ግን እዚህ ላይ ሟቹ ራሱ ተራቢ ሆኖ መታየቱ ነው።

የበዓሉ መዝጊያ ሲቃረብ በየቤቱ የሚዘጋጁት ጥቅሎች «ኑም አንሶም» እና «ኑም ኮም» ናቸው። «ኑም» በክመር ቋንቋ ከኬክ እስከ ቂጣ ያለውን ሁሉ የሚያጠቃልል ቃል ነው። የሁለቱም መሠረት ተጣባቂው ሩዝ ነው። ይህ ሩዝ ከተራው ሩዝ የሚለየው አሚሎስ የተባለው የስታርች ዓይነት ፈጽሞ የሌለው ወይም እጅግ ጥቂት ብቻ ያለው በመሆኑ ነው፤ ሲበስል ፍሬዎቹ የሚያያዙትም በዚህ ምክንያት ነው። በጎረቤት አገር ላኦስ የዕለት ጉርስ ሲሆን፣ ካምቦዲያውያን ግን በየቀኑ የሚበሉት ተራውን ሩዝ ነው፤ ተጣባቂውን ለጣፋጭና ለበዓል ያቆዩታል። ስለዚህ በካምቦዲያ ቤት ተጣባቂ ሩዝ በብዛት ተዘፍዝፎ ከታየ አንድ ክብረ በዓል እንደቀረበ ይታወቃል።

አንሶም የሚሠራው እንዲህ ነው። ሩዙ ለሰዓታት ይዘፈዘፋል። ቅርፊቱ የተነሣ ማሾ ለብቻው ተዘጋጅቶ በሩዙ መካከል ይነጠፋል፤ በጨውና በቁንዶ በርበሬ የታሸ ስብ ያለው የአሳማ ሥጋ በላዩ ላይ ይጋደማል። ከዚያ ሁሉም በሙዝ ቅጠል እንደ ክንድ በሚመስል ቅርጽ ተጠቅልሎ በገመድ ጥብቅ ተደርጎ ይታሰራል። በትልቅ ድስት ከስድስት እስከ ስምንት ሰዓት ይቀቀላል፤ ውኃው በጎደለ ቁጥር ስለሚጨመር እሳቱን የሚጠብቅ ሰው ሌሊቱን አይተኛም። ሥጋና ማሾ የሌለው፣ ሙዝ ብቻ የሚገባበት ዓይነትም አለ፤ ይህኛው «አንሶም ቼክ» ሲባል፣ ሙዙ በእሳቱ ብዛት ወደ ሮዝ ቀለም ይለወጣል። ቅጠሉ መጠቅለያ ብቻ አይደለም፤ መዓዛውን ለሩዙ ይሰጣል፣ ጥቅሉም ለቀናት ሳይበላሽ እንዲቆይ ይረዳል። ድፎ ዳቦን በኮባ ቅጠል የሚጋግር ሰው ጥበቡን በቀላሉ ይረዳዋል።

ኮም ደግሞ ትንሽ ፒራሚድ ይመስላል። ተጣባቂው ሩዝ ተፈጭቶ ይቦካል፤ በውስጡ ከዘንባባ ስኳር ጋር የበሰለ የኮኮናት ፍቅፋቂ ይገባበትና በቅጠል ተሸፍኖ በእንፋሎት ይበስላል። አንሶምና ኮም በሠርግም ጎን ለጎን ስለሚቀርቡ፣ ረጅሙ አንሶም የሺቫ አምላክ የወንድነት ምልክት፣ ኮም ደግሞ የሚስቱ የኡማ የሴትነት ምልክት ነው የሚል ትርጓሜ በሰፊው ይነገራል። ክመሮች ወደ ቡድሃ እምነት ከመዞራቸው በፊት ለብዙ መቶ ዓመታት የሂንዱ አማልክትን ያመልኩ ስለነበር ትርጓሜው መሠረት የለሽ አይደለም። ሆኖም ሩዝን በቅጠል የሚጠቀልል ሰው የሚያገኘው ቅርጽ ሁለት ወይም ሦስት ብቻ መሆኑንም መዘንጋት አይገባም።

የዘንባባው ስኳር ለብቻው ሊነገርለት የሚገባ ነው። በካምቦዲያ ሜዳ ላይ ረጃጅሙ የዘንባባ ዛፍ የማይታይበት ቦታ የለም ማለት ይቻላል። በበጋው ወራት ገበሬዎች በቀርከሃ መሰላል ጫፉ ድረስ እየወጡ፣ ከአበባው ግንድ የሚንጠባጠበውን ፈሳሽ በቀርከሃ ቱቦ ያጠራቅማሉ፤ ከዚያም ሳይቦካ በፊት ለሰዓታት አፍልተው ያወፍሩታል። የካምፖንግ ስፔው አውራጃ ስኳር እ.ኤ.አ. በ2010 ከካምፖት ቁንዶ በርበሬ ጋር በመልክዓ ምድራዊ አመልካችነት ተመዝግቧል። «ኑም ፕላ አይ» የሚባለው ድቡልቡል ጣፋጭ ዋጋው የዚህ ስኳር ነው፤ ሲነከስ የቀለጠው ስኳር በአፍ ውስጥ ይፈሳል። በሜኮንግ ዳር በምትገኘው በክራቼ ደግሞ «ክራላን» ታዋቂ ነው፤ ተጣባቂ ሩዝ ከቦሎቄና ከኮኮናት ወተት ጋር በቀርከሃ ውስጥ ተጠቅጥቆ በፍም ይጠበስና፣ ቀርከሃው እንደ ሙዝ ልጣጭ እየተላጠ ይበላል።

ይህ ሁሉ ከመቼ ጀምሮ ነው? እ.ኤ.አ. በ1296 እና በ1297 በአንግኮር የቆየው ቻይናዊው መልእክተኛ ዡ ዳጓን፣ ሰዎቹ ሩዝ በሸክላ ድስት እንደሚያበስሉ፣ በኮኮናት ቅርፊት እንደሚጨልፉና ከዛፍ ቅጠል ትናንሽ ሳህኖች እንደሚሠሩ ጽፏል። ከእርሱ መቶ ዓመት ገደማ ቀድሞ በታነጸው በባዮን ቤተ መቅደስ ግድግዳ ላይም ምግብ አብሳዮች በድንጋይ ተቀርጸው ይታያሉ። ስለዚህ ቅጠሉም፣ ሩዙም፣ ድስቱም የቆዩ ናቸው። የባለቤትነቱ ክርክር ግን ከንቱ ነው። ቬትናማውያን ለአዲስ ዓመታቸው የሚቀቅሉት «ባን ቴት» ከአንሶም ጋር የአንድ እናት ልጅ ይመስላል፤ በላኦስና በታይላንድም አምሳያ አለው። የሜኮንግ ወንዝ ድንበር ሲሻገር ማንንም እንዳልጠየቀ ሁሉ ሩዙም አልጠየቀም።

የአንሶም ታሪክ የተቋረጠበት ጊዜ ግን በትክክል ይታወቃል። እ.ኤ.አ. ኤፕሪል 17 ቀን 1975 ክመር ሩዦች ፕኖም ፔንን ያዙ፤ የከተማውንም ሕዝብ ወደ ገጠር ነዱት። ገንዘብ ተሻረ፣ ገበያ ተዘጋ፣ መነኮሳት ልብሰ ምንኩስናቸውን እንዲያወልቁ ተገደዱ፣ ቤተ መቅደሶች መጋዘንና እስር ቤት ሆኑ። ፕቹም ቤንም ቀረ። በ1976 በወጣው ዕቅድ ከእያንዳንዱ ሄክታር ሦስት ቶን ሩዝ እንዲመረት ታዘዘ፤ ምርቱ ግን ከገበሬው አፍ እየተነጠቀ ለሠራዊቱና ወደ ውጭ ይላክ ነበር። በዚያው ሰሞን በየቤቱ ምግብ ማብሰል ተከልክሎ ሰው ሁሉ በጋራ አዳራሽ እንዲመገብ ተደረገ፤ ድስትና ሳህን ተሰበሰበ። የሚቀርበው አብዛኛውን ጊዜ የሩዝ ፍሬው የሚቆጠርበት ቀጭን አጥሚት ነበር። ከማሳ ጥቂት ሩዝ የሸሸገ ወይም ለራሱ የጎረሰ ሰው በሌብነት ተከስሶ ሊገደል ይችል ነበር።

እንግዲህ አንሶም ምን እንደሚጠይቅ ማስታወስ ነው፦ የተረፈ ሩዝ፣ የግል ድስት፣ ሌሊቱን ሙሉ የሚነድ እሳት፣ ዘመድ ከዘመድ ጋር የሚያሳልፈው ጊዜ፣ የሚወሰድበትም ቤተ መቅደስ። አገዛዙ እነዚህን አምስቱንም አጠፋ። አንድን ምግብ በስም የሚከለክል ዐዋጅ ማውጣት እንኳ አላስፈለገውም። እስከ 1979 መጀመሪያ ድረስ በነበሩት አራት ዓመት ባልሞሉ ጊዜያት ስምንት ሚሊዮን ከማይሞላው ሕዝብ ከአንድ ሚሊዮን ተኩል እስከ ሁለት ሚሊዮን የሚሆነው በረሃብ፣ በበሽታ፣ በድካምና በግድያ አለቀ። ሆዱ የተነፋ፣ እግሩ የመነመነ፣ በሌሊት ምግብ ፍለጋ የሚዳክር ሰው ከቤተ መቅደስ ሥዕል ወጥቶ በመስኩ ላይ ይታይ ጀመር። የተራበው ነፍስ ሕያው ሆነ።

የቬትናም ጦር እ.ኤ.አ. ጃንዋሪ 7 ቀን 1979 ፕኖም ፔን ከገባ በኋላ ሕዝቡ ወደየመንደሩ ተመለሰ። በዚያው ዓመት ሰባት የቀድሞ መነኮሳት እንደገና ማዕረገ ምንኩስና ተቀበሉ። አዲሱ መንግሥት ግን ሃይማኖትን በዓይነ ቁራኛ ይመለከት ስለነበር፣ እስከ 1980ዎቹ መጨረሻ ድረስ ከ50 ዓመት በታች የሆነ ሰው እንዳይመነኩስ ከልክሎ ቆየ። ያም ሆኖ የፕቹም ቤን ድስት ተጣደ። የበዓሉ ክብደትም ተለወጠ። ቀድሞ ልጆች የሚያስቡት በዕድሜያቸው የሞቱና ሥርዐተ ቀብራቸው የተፈጸመላቸውን አያቶች ነበር፤ አሁን ግን ወላጆች ልጆቻቸውን ማሰብ ጀመሩ። የሞቱበት ቀን የማይታወቅ፣ አጥንታቸው የት እንዳለ ያልተገኘ፣ አስከሬናቸው በእሳት ያልተሸኘ ብዙዎች ነበሩ። ለእነርሱ ከዚህ በዓል በቀር ሌላ መታሰቢያ አልነበራቸውም።

ከአገር የወጡትም ድስቱን ይዘው ወጡ። በካሊፎርኒያ ሎንግ ቢች፣ በማሳቹሴትስ ሎዌል እና በፈረንሳይ የሰፈሩት ስደተኞች ቤተ መቅደስ አቆሙ። እዚህ ላይ አንድ አስገራሚ ነገር አለ፦ በ1975 አሜሪካ የገባው ቴድ ንጎይ በ1977 የራሱን የዶናት ሱቅ ከከፈተ በኋላ ብዙ ወገኖቹን ወደዚሁ ሥራ አስገባ፤ የካሊፎርኒያ ዶናት ቤቶችም በብዛት በካምቦዲያውያን እጅ ገቡ። ቀን ለአሜሪካዊ ደንበኛ ዶናት የሚጠብሱ እጆች ለበዓላቸው ግን አንሶም ይጠቀልላሉ።

እ.ኤ.አ. በ2015 በአዲስ ዓመት በዓል ሰሞን በሲየም ሪያፕ ከተማ ከአራት ቶን በላይ የሚመዝን አንድ አንሶም ተሠርቶ በዓለም ክብረ ወሰን መዝገብ ሰፈረ። ወጣቶቹ ተደሰቱ፤ አራት ቶን ሩዝ በአንድ ቦታ ተከምሮ ማየት ግን ለአዛውንቶቹ ሌላ ነገር ሳያስታውሳቸው አልቀረም። በየቤተ መቅደሱ የሚደረገው ከዚህ ይልቅ ዝግ ያለ ነው። ቤተሰብ የሟቾቹን ስም በወረቀት ጽፎ ከአንሶሙና ከኮሙ ጋር ለመነኮሳቱ ያቀርባል። ስሞቹ አንድ በአንድ ይነበባሉ። ንባቡ ሲያበቃ የተረፈው አንሶም በገመዱ ይቆረጥና ለልጆች ይታደላል።