አቡሻክር፦ የዘመን ቁጥር መጽሐፍ

ቁስ፦ ብራና፣ ጥቁርና ቀይ ቀለም
ቋንቋ፦ ግዕዝ፣ ከዐረብኛ የተተረጎመ
ድርሰቱ፦ ግብጽ፣ 1257 እ.ኤ.አ. ገደማ
ትርጉሙ፦ ኢትዮጵያ፣ 16ኛው መቶ ክፍለ ዘመን

መጽሐፉ የሚጠራው በደራሲው በአቡ ሻኪር ኢብን አል-ራሂብ ስም ነው። ደራሲው በካይሮ የሙዓለቃ ቤተ ክርስቲያን ዲያቆን የነበረ ግብጻዊ ክርስቲያን ነው። መጽሐፉን ወደ ግዕዝ የመለሱት የደብረ ሊባኖሱ እጨጌ አባ ዕንባቆም እንደሆኑ ይነገራል።

የፀሐይንና የጨረቃን ዑደት ያስተምራል፤ የግብጽን፣ የአይሁድንና የእስላምን የዘመን አቆጣጠርም ጎን ለጎን ያስረዳል። የጎንደር ሊቃውንት ባሕረ ሐሳብ ከተባለው የቤተ ክርስቲያን የዘመን ስሌት ጋር ሲያጠኑት ኖረዋል። በባሕረ ሐሳብ አጽዋማትና በዓላት የሚወጡት በ19 ዓመት ዑደት ነው። ዓመቱ በዑደቱ ውስጥ ካለው ተራ ቁጥር አንድ ሲቀነስ የሚገኘው ወንበር ይባላል፤ ወንበሩ በ11 ተባዝቶ ለ30 ሲካፈል የሚተርፈው አበቅቴ ይባላል። በ2016 ዓ.ም. ወንበሩ 10 ስለነበር 110 ለ30 ተካፍሎ 20 ተረፈ፤ አበቅቴው 20፣ መጥቅዕ የሚባለው ሌላው የስሌቱ ቁጥር ደግሞ 10 ሆነ። የሁለቱ ድምር ምንጊዜም 30 ነው።

የሰማይ ዕውቀት የቋንቋንና የሃይማኖትን ድንበር ተሻግሮ ኢትዮጵያ መድረሱን ይህ መጽሐፍ ይመሰክራል። የፋሲካ ቀን ዛሬም የሚወጣው በባሕረ ሐሳብ ስሌት ነው።