ማን ቆጠረን? ፓንክረስትና የክፉ ቀን ቁጥሮች

ዲጋ ከነቀምት ወደ ጊምቢ በሚወስደው መንገድ፣ የዴዴሳ ሸለቆ ሳይደረስ የምትገኝ ናት። በቅርቡ አንድ የአካባቢው ተወላጅ ተማሪዬ «ከክፉ ቀን በፊት እኛ ጋ ስንት ሰው ይኖር ነበር?» ሲል ጠየቀኝ። መልስ ሳልሰጥ ጓደኛው ቀበል አድርጎ «ግማሹ አልቋል» አለ።

ውድ አንባብያን፣ የዚህ «ግማሽ» አባት ይታወቃል። ሩሲያዊው መኮንን አሌክሳንደር ቡላቶቪች በ1889 ዓ.ም. በወለጋ አልፎ ሲመለስ፣ ከኦሮሞ ሕዝብ ከግማሽ በላይ የሚሆነው በወረራው ዘመን ማለቁን ጻፈ። ዛሬ አንዱ ወገን ይህን እንደ ቆጠራ ውጤት ይጠቅሰዋል፤ ሌላው ደግሞ ቁጥሩን ሲጥል ሞቱንም አብሮ ይክዳል።

እንዲህ ያለውን ቁጥር መመርመር ያስተማረን ሪቻርድ ፓንክረስት ነው። እ.ኤ.አ. በ1963 የተቋቋመው የኢትዮጵያ ጥናትና ምርምር ተቋም የመጀመሪያው ዳይሬክተር የነበረው ይህ ምሁር፣ የአገራችንን ከተሞችና መንደሮች የሕዝብ ብዛት ታሪክ ከመንገደኞች ግምት ለቅሞ ጽፏል። የመጀመሪያው አገር አቀፍ ቆጠራ የተካሄደው በ1976 ዓ.ም. በመሆኑ ሌላ ምን አማራጭ ነበረው? ግምቶቹን ጎን ለጎን ያኖራል፤ ማን፣ መቼ፣ ምን አይቶ እንደተናገረ ያሳያል። እ.ኤ.አ. በ1966 ያሳተመው የታላቁ ረኃብ ጥናትም ከ1880 እስከ 1884 ዓ.ም. የከብት ደስታ በሽታ በሬውን፣ ድርቅና አንበጣ አዝመራውን፣ ወረርሽኝ ሰውን እንዴት እንደጨረሰ ያስረዳል። «የሕዝቡ ሲሶ አለቀ» የሚለው የዘመኑ አባባልም ግምት እንጂ ቆጠራ አልነበረም።

በዚህ ሚዛን ቡላቶቪችን እንመዝነው። የመጣው ረኃቡ ካበቃ ከአራት ዓመት በኋላ ነው። ባዶ መንደር ቢያይ፣ ጦር ያጠፋውን ከረኃቡና ከወረርሽኙ በምን ይለየዋል? የነቀምቱ ሞረዳ በከሬም በጦርነት ሳይሆን በስምምነት ነበር የገበሩት፤ ስለዚህ በሌላ ስፍራ የሆነውን እልቂት እንዳለ አምጥቶ ዲጋ ላይ መጫን አይቻልም። ይህን ማለት ግን በሌሎች ስፍራዎች የፈሰሰውን ደም ማሳነስ አይደለም፤ ለዚያ ሌሎች ምስክሮች አሉና። (ይህን ስጽፍ ከሁለቱም ወገን እንደምሰደብ አውቃለሁ፤ ለምጄዋለሁ።)

ፓንክረስት እ.ኤ.አ. በ2017 አረፈ። አሌሳንድሮ ትሪዩልዚና ተሰማ ታኣ አሰናድተው ያሳተሟቸው የወለጋ የታሪክ ሰነዶች ግን በእጃችን አሉ። በሞረዳ ልጅ በኩምሳ ዘመን ስለ ወርቅና ዝሆን ጥርስ ግብር የተጻፉት ደብዳቤዎች ሕዝብ አይቆጥሩም፤ ግብር ከየት እንደተጠየቀ ግን ይናገራሉ። ለሁለቱ ተማሪዎቼ የሰጠሁት የቤት ሥራ ከእነዚህ ደብዳቤዎች የመንደር ስም መልቀም ነው።