ገብረመድህን ኃይሌ

ገብረመድህን ኃይሌ ኢትዮጵያዊ የእግር ኳስ አሰልጣኝና የቀድሞ ተጫዋች ናቸው። በይበልጥ የሚታወቁት ከዚያ በፊት የሊግ ዋንጫ አንስተው የማያውቁ ሦስት ክለቦችን ለመጀመሪያ ጊዜ የኢትዮጵያ ፕሪምየር ሊግ ሻምፒዮን በማድረጋቸው ነው፤ ጅማ አባ ጅፋርን በ2010፣ መቐለ 70 እንደርታን በ2011፣ ኢትዮጵያ መድንን ደግሞ በ2017 ዓ.ም.።

በኢትዮጵያ ከተጫዋችነት ወደ አሰልጣኝነት የሚወስደው መንገድ የቆየ ነው። ለቅዱስ ጊዮርጊስ ለረጅም ዓመታት የተጫወቱት ይድነቃቸው ተሰማ በጥር 1954 ዓ.ም. አዲስ አበባ ላይ የአፍሪካ ዋንጫን ያነሳውን ቡድን መርተዋል። በዚያ ውድድር ፍጻሜ ግብ ያስቆጠረው መንግሥቱ ወርቁም ኋላ የብሔራዊ ቡድኑ አሰልጣኝ ሆኗል። ገብረመድህንም በተጫዋችነት ዘመናቸው የብሔራዊ ቡድኑን መለያ ለብሰዋል፤ ስማቸው የገነነው ግን በአሰልጣኝነት ነው።

በመከላከያ ክለብ ባሳለፏቸው ዓመታት ቡድኑ በ2005 እና በ2007 ዓ.ም. የጥሎ ማለፍ ዋንጫን ወስዶ በአፍሪካ ኮንፌዴሬሽን ካፕ ተሳትፏል። በ2008 ዓ.ም. ዮሐንስ ሳህሌ ከብሔራዊ ቡድኑ ሲነሱ ኃላፊነቱ ለገብረመድህን ተሰጠ። የተረከቡት በአልጄሪያ 7 ለ 1 ተሸንፎ የነበረ ቡድን ነው። በቀሩት ሁለት የማጣሪያ ጨዋታዎች ሌሶቶን ማሴሩ ላይ፣ ሲሸልስን ሐዋሳ ላይ በተመሳሳይ 2 ለ 1 ውጤት አሸነፉ። ኢትዮጵያ በ11 ነጥብ ከምድቧ ሁለተኛ ብትሆንም ለ2017ቱ (እ.ኤ.አ.) የጋቦን የአፍሪካ ዋንጫ አላለፈችም።

ጅማ አባ ጅፋር በ2010 ወደ ፕሪምየር ሊግ ያደገ አዲስ ቡድን ነበር። ከቅዱስ ጊዮርጊስ ጋር እኩል 55 ነጥብ ይዞ በግብ ክፍያ በልጦ ዋንጫውን ወሰደ። ናይጄሪያዊው አጥቂ ኦኪኪ አፎላቢ 23 ግቦችን በማስቆጠር የውድድሩ ኮከብ ግብ አስቆጣሪ ሆነ። ባደጉበት ዓመት ሻምፒዮን መሆን በየትኛውም አገር ሊግ ብርቅ ነው። አሰልጣኙ ግን ክብሩን ለማስጠበቅ ጅማ አልቆዩም፤ ወደ መቐለ አቀኑ።

መቐለ ቀደም ሲል እንደ ትራንስ ኢትዮጵያ ባሉ ክለቦች በአገሪቱ እግር ኳስ ስም የነበራት ከተማ ናት። መቐለ ከተማ ይባል የነበረውና ስሙን ወደ መቐለ 70 እንደርታ የቀየረው ክለብ ፕሪምየር ሊጉን የተቀላቀለው ገና በ2010 ነው። ደጋፊዎቹ «ምዓም አናብስት» ይሉታል። የ2011 የውድድር ዘመን የተካሄደው የክልሎች ፖለቲካዊ ውጥረት ስታዲየም ድረስ በገባበት ጊዜ ነበር፤ ዋንጫውን እስከ መጨረሻው ሳምንት የተፎካከሩትም የመቐለና የጎንደር ክለቦች መሆናቸው የፉክክሩን ክብደት የበለጠ ጨመረው። ወደ መጨረሻው መርሐ ግብር ሲገባ ሊጉን በአንድ ነጥብ ይመራ የነበረው «ዐፄዎቹ» የሚባለው የጎንደሩ ፋሲል ከነማ ነው። ዐፄዎቹ ወደ ስሑል ሽረ ሜዳ ሄደው 1 ለ 1 ሲለያዩ፣ መቐለ ድሬዳዋ ከተማን 2 ለ 1 አሸነፈ። ሰንጠረዡ 59 ለ 58 ሆኖ ተዘጋ። አማኑኤል ገብረሚካኤል በ18 ግቦች የሊጉ ኮከብ ግብ አስቆጣሪ ሆኖ አጠናቀቀ።

አንዱን ዋንጫ በግብ ክፍያ፣ ቀጣዩን በአንድ ነጥብ መውሰድ እንደ ዕድል ብቻ ሊታይ አይገባም። ተፎካካሪ በሚንገዳገድበት ሰዓት የራስን ጨዋታ አሸንፎ መውጣት ዓመቱን ሙሉ የተሠራበትን ቡድን ይጠይቃል፤ የገብረመድህን ትልቁ ችሎታም እዚህ ላይ ነው።

መቐለ ከዋንጫው በኋላ በአፍሪካ ሻምፒዮንስ ሊግ የገጠመው የኢኳቶሪያል ጊኒውን ካኖ ስፖርት ነበር፤ በድምር ውጤት 3 ለ 2 ተሸንፎ ከቅድመ ማጣሪያው አላለፈም። የ2012 ሊግ በኮሮና ወረርሽኝ ሳቢያ ተሰረዘ። ጥቅምት 24 ቀን 2013 ዓ.ም. በትግራይ ጦርነት ሲጀመር የክልሉ ክለቦች ከሊጉ ወጡ፤ ሻምፒዮኑ ቡድንም ተበተነ። ከተማዋ በጦርነቱ ካጣችው ሕይወት አንጻር እግር ኳሱ ትንሹ ነው። ሆኖም ታሪኩን ገና መጻፍ የጀመረ ክለብ በአፍላ ዕድሜው መቀጨቱ እንደ ተራ ነገር የሚታለፍ አይደለም።

ገብረመድህን ከዚያ በኋላ ከከፍተኛ ሊግ ያደገውን ኢትዮጵያ መድንን ያዙ። በ2015 የውድድር ዘመን መክፈቻ መድን በቅዱስ ጊዮርጊስ 7 ለ 1 ተሸነፈ። ብዙ አሰልጣኝ በእንዲህ ዓይነት ሽንፈት ሥራውን ያጣል፤ መድን ግን አሰልጣኙን ይዞ ቀጠለና ዓመቱን ሦስተኛ ሆኖ ጨረሰ።

በ2016 ዓ.ም. የብሔራዊ ቡድኑ ኃላፊነት እንደገና ለእርሳቸው ተሰጠ። ይህኛው ጊዜ የተሳካ አልነበረም። አገሪቱ የአፍሪካ እግር ኳስ ኮንፌዴሬሽን የሚቀበለው ስታዲየም ስላልነበራት ቡድኑ «የሜዳውን» ጨዋታ ጭምር በሰው አገር፣ ያለ ደጋፊ ይጫወት ነበር፤ ውጤቱን ሲመዝኑ ይህንን መርሳት ፍርደ ገምድልነት ይሆናል። በጥቅምት 2017 ጊኒ በተከታታይ 4 ለ 1 እና 3 ለ 0 ካሸነፈቻቸው በኋላ ከኃላፊነቱ ተለያዩ።

በዚያው የውድድር ዘመን በገብረመድህን የሚመራው መድን የመጀመሪያውን የፕሪምየር ሊግ ዋንጫ አነሳ። መቐለ 70 እንደርታ፣ ወልዋሎ ዓዲግራት ዩኒቨርሲቲ እና ስሑል ሽረ ከአራት የውድድር ዘመናት በኋላ ወደ ሊጉ የተመለሱትም በዚሁ ዓመት ነው፤ ገብረመድህንም ሦስተኛውን ዋንጫ ለመውሰድ በ2011 ሻምፒዮን ያደረጉትን ክለብ በተቃራኒ ወገን ቆመው ገጥመዋል።